አባባ ካሜራ ፊት

የሱቅ መዝገብ፣ ማክሰኞ፣ ጥቅምት 9። እስከ ረፋዱ አሥራ አራት ሜትር የመጋረጃ ጨርቅ ተሸጧል፤ አንዲት ደንበኛ ሁለት ዚፕ መልሳለች።

ወንድም ዓለም፣ ከሁሉ አስቀድሜ ጤናህን እጠይቃለሁ። እኛ ደህና ነን።

ልጅህ ካሜራዋን ይዛ ሱቅ ከርማለች። የምትሠራው ድምፅ የሌለው ፊልም ነው፤ አንድ ሰው ወንበር ላይ ይቀመጥና ሦስት ደቂቃ ሳይናገር ካሜራውን ያያል፣ በቃ። ጎረቤታችን ልብስ ሰፊው ገና ሲቀመጥ ሳቁ አመለጠው። እኔም ደቂቃ ሳይሞላኝ አፌ አላስችል አለኝና "ይግቡ፣ ይዩ፣ ማየት በነጻ ነው" ብዬ ካሜራውን ጋበዝኩት።

"አክስቴ፣ ካሜራ እኮ ጨርቅ አይገዛም" አለችኝ።

"ሁሉም መጀመሪያ እንደዚያ ነው የሚለው" አልኳት።

አባባ ግን፣ ከግድግዳ ጋር እንኳ ዋጋ የሚከራከሩት አባታችን፣ ሦስቱንም ደቂቃ ቃል ሳይተነፍሱ ጨረሱ። ልጅህ ደስ ብሏት "ከሁላችሁም ጎበዝ አባባ ናቸው" እያለች ጉንጫቸውን ሳመች። "አባባ፣ አልቋል፣ ይነሱ" ስላቸው አሁንም ካሜራውን ያያሉ። ክንዳቸውን ይዤ አስነሳኋቸው። ሙቀቱ ይሆናል። ምግባቸውን በደንብ ይበላሉ።

ፊልሙን ስትልክልህ ሸሚዛቸውን ልብ በል፤ እኔ ነኝ የሰፋሁላቸው። ስልክ ስትደውል ደግሞ ረዘም አድርገህ አጫውታቸው፤ መልሳቸው ቢዘገይም አትዝጋው።

ለባለቤትህ ሰላምታዬን አድርስልኝ። አንተን እቅፍ አድርጌ ስሜሃለሁ።

የሱቅ መዝገብ፦ ነገ ጠዋት ሦስት ሰዓት ላይ አባባን ሐኪም ጋ አደርሳለሁ፤ ሱቁ እስከ ቀትር ዝግ ነው።