በመጀመሪያው ቀን የተሰጠ ጉርሻ

በመርከብ ላይ፣ ከሳንቶ ወደ ሲድኒ ስንመለስ
ሐሙስ፣ ጁላይ 14 ቀን 2016

ለውዷ እናቴ፤

እንደምን ከርመሻል እማዬ? የአባዬ ጉልበትስ ተሻለው? እኔ፣ ጌታ ይመስገን፣ በአካሌ ደህና ነኝ። ይህን አስቀድሜ የምጽፍልሽ ቀጥሎ ያለውን ስታነቢ ክፉ እንዳትጠረጥሪ ነው። ግን ፈርቻለሁ። ጽሑፌ ቢንጋደድ ባሕሩ ነው እንዳትይ፤ ባሕሩ ዛሬ ጸጥ ብሏል።

የታታሽልኝ ሰሌን እኔ ዘንድ የለም። ለሰው ሰጠሁት። ከሌላ ሰው አፍ ሰምተሽ ከምታዝኚብኝ ለምን እንደሰጠሁት እኔው ልንገርሽ።

ነገሩ የመጣው በጉርሻ ነው። የማጸዳቸው ክፍሎች ውስጥ ሚስተር ፔምበርተን የሚባሉ ሽማግሌ አሉ፤ ጡረታ የወጡ ባቡር ነጂ ናቸው። ከሚስታቸው ጋር በየክረምቱ በዚህ መስመር ይመላለሱ ነበር። ሚስትየዋ አምና ሞቱ፤ ዘንድሮ ብቻቸውን መጡ። ከሲድኒ የተነሳን ዕለት ሻንጣቸውን ሳስገባላቸው እጄን ጨበጡኝ፤ እጃቸውን ሲያነሱ መዳፌ ውስጥ ሃምሳ ዶላር ቀረ። እኔም አመስግኜ ኪሴ ከተትኩት። በእኛ ደሴት በቶንጎዋ ገንዘብ ሰጥቶ ዝም ብሎ የሚሄድ ሰው እንደሌለ፣ የተቀበለች እጅ ካልመለሰች እንደታሰረች እንደምትኖር አንቺ ነሽ ያስተማርሽኝ። እዚህ ግን ሌላ ነው ተብዬ ስለነበር ነገሩን ቀለል አድርጌ አየሁት።

ማታ ለማሪቬል ነገርኳት። ማሪቬል አብራኝ የምታድረው ፊሊፒናዊት ናት፤ መርከብ ላይ ያረጀች፣ አፏ የማያርፍ።

«ስሚ አንቺ የደሴት ልጅ፣» አለችኝ ፀጉሯን እየጠቀለለች። «በመጨረሻው ቀን የሚሰጥ አመስጋኝ ነው፤ ተቀብለሽ ጥርስሽን አሳዪው። ትራስ ላይ ጥሎ የሄደ፣ ላንቺ ነው ብሎ ካልጻፈበት ረስቶት ነው፤ እንዳትነኪው፣ ሌባ ያሰኝሻል። በመጀመሪያው ቀን የሚሰጥ ግን ጉዳይ አለው።»

«የምን ጉዳይ?»

«አንዱ ትርፍ ፎጣ ይፈልጋል፣ አንዱ በረዶ። ሌላ ነገር ከጠየቀሽ ደግሞ ጩኺ። የማን አገር ሰው ነው?»

«አውስትራሊያዊ።»

«ኧረ ተዪኝ! እነሱ እኮ ጉርሻ አያውቁም። ከቲኬቱ ጋር ከፍለናል ብለው ነው የሚያልፉሽ። አውስትራሊያዊ ሆኖ በመጀመሪያው ቀን ከሰጠሽማ ፍሪ!»

ሆዳችንን ይዘን ሳቅን። እኔ የሳቅኩት እስከ ማግስቱ ብቻ ነው።

በማግስቱ አልጋቸውን ሳነጥፍ ሽማግሌው በሩን ዘጉና ወንበር ላይ ተቀመጡ። እግራቸው አብጦ ጫማ አይገባላቸውም። «የምጠይቅሽ ነገር ቀላል ነው፣ የኔ ልጅ፣» አሉኝ። «አንዳንዴ እወድቃለሁ። ወድቄም በራሴ እነሳለሁ። እነዚህ ሰዎች ካወቁ ግን ኑሜያ ወደብ ላይ አውርደው በአውሮፕላን ይመልሱኛል። ልጄ መጦሪያ ውስጥ ክፍል ይዛልኛለች፤ ከገባሁ መውጫ የለኝም። ስለዚህ አትረብሹኝ የሚለው ካርድ በሬ ላይ ካለ እንዳትገቢ። አለቃሽ ከጠየቀችሽ አይቼዋለሁ በያት።»

«ሚስተር ፔምበርተን፣ ይሄ እኮ ከሥራ ያስባርረኛል። በየቀኑ ሰው ሁሉ መታየት አለበት።»

«ገንዘቡንማ ወስደሻል፣» አሉና ጠቀሱኝ። እየቀለዱ ነበር። ለእሳቸው ቀልድ ነው።

እኔ ግን አልሳቅኩም። አንቺ ትረጂኛለሽ፤ እዚህ ማንም አይረዳኝም። የሰጡሽን ያንኑ መልሰሽ መስጠት ፊት ላይ መትፋት ነው። አምና ሚስታቸውን የቀበሩ ሽማግሌ ፊት ላይ እንዴት ብዬ? ደግሞም መርከቡ ቪላ ወደብ ሲቆም ገንዘቡን ለወንድሜ ለካልሳው ሰጠሁት። ያመጣላችሁ ሩዝና የመብራቱ ባትሪ ከዚያ ነው። ሳታውቁ እናንተም ቀምሳችሁታል።

እስከ ሳንቶ ድረስ ነገሩ መልካም ነበር። በር ከፍተው ያዩኛል፣ «አልሞትኩም» ይሉኛል፣ እኔም ስቄ አልፋለሁ። ሳንቶ ስንደርስ ሰገነታቸው ላይ ቆመው ከሚስታቸው ጋር ያዩት የነበረውን ኮረብታ ሲያዩ ፊታቸው ላይ ያየሁትን ደስታ አልረሳውም። መርከቡ ማክሰኞ ከሰዓት ሳንቶን ለቀቀ። ካርዱም በሩ ላይ ተሰቀለ።

ማክሰኞ ማታ ሚሲስ ፊሎሜና፣ የሕንድ ጎዋ ሴት ናት አለቃችን፣ እንደ ልማዷ ኮሪደሩ ላይ አቁማ ጠየቀችን። «ሁሉም ታዩ? ሁሉም ደህና?» «ታይተዋል» አልኩ። አላየኋቸውም ነበር። ደክሟቸው ይሆናል ብዬ ራሴን አጽናናሁ።

ረቡዕ ጠዋት ካርዱ እንዳለ ነው። ጋሪዬን አቁሜ በሩን መታሁ። «ሚስተር ፔምበርተን?» ዝም። ጆሮዬን ስለጥፍ፣ እማዬ፣ ከታች፣ ከወለሉ አጠገብ፣ ግድግዳው ኳ አለ። ቆይቶ ደግሞ ኳ። መርከብ ሲሄድ ይንቋቋል፣ እሱ ነው አልኩ። ሆድ ሲያውቅ ዶሮ ማታ አይደል የሚባለው? ሆዴ አውቆት ነበር። ካርድ ቁልፉ ደረቴ ላይ ተንጠልጥሏል፤ እጄ ግን ወደሱ አልሄደም። ቃሌን ፈራሁ፣ ሥራዬን ፈራሁ፣ ከሁሉም በላይ በሩን ስከፍት የማየውን ፈራሁ። ጋሪዬን ገፍቼ ሄድኩ። ማታ ፊሎሜና ስትጠይቀኝ «ታይተዋል» አልኳት። ምላሴ እንኳ አልተደናቀፈም።

ዛሬ ጠዋት ተመልሼ ጆሮዬን ለጠፍኩ። ኳ የሚለው ድምፅ የለም። ትናንት ድምፁ አስፈርቶኝ ነበር፤ ዛሬ ዝምታው ነፍሴን አስጨነቃት። እየሮጥኩ ወደ መኝታችን ወረድኩ፤ ከሻንጣዬ ሰሌኑን አወጣሁት። ከገንዘቡ የሚበልጥ ያለኝ ነገር እሱ ብቻ ነበር። ብድሬን ሳልመልስ በሩን መክፈት አልቻልኩም እማዬ። እጄ አልታዘዝ አለኝ። ሰው ይስቅብኝ ይሆናል፤ አንቺ አትስቂብኝም።

ሰሌኑን ደፉ ላይ ስዘረጋ ከፊት ለፊቱ ክፍል አንዲት ሴትዮ የመዋኛ ልብሷን ለብሳ ብቅ አለች።

«ውይ ሲያምር! የሚሸጥ ነው እንዴ የኔ ቆንጆ?»

«አይደለም እመቤቴ።»

«ስንት ብጨምርልሽስ?»

«የሰው ነው፣ እመቤቴ፣» አልኳት። እሷም ትከሻዋን ነቅንቃ ወደ መዋኛው ሄደች።

ያኔ ጮክ ብዬ፣ በእኛው ቋንቋ፣ «ሚስተር ፔምበርተን፣ የሰጡኝን መልሻለሁ፤ ከእንግዲህ በእኔና በእርስዎ መካከል ዕዳ የለም፤ ልገባ ነው» አልኩና ከፈትኩ።

በአልጋውና በግድግዳው መካከል ወድቀው ነበር። አንድ እጃቸው ብቻ ነው የሚንቀሳቀሰው። ከንፈራቸው ተሰነጣጥቋል፣ ከበታቻቸው ወለሉ ረጥቧል፤ ዓይናቸው ግን አየኝ። ለእርዳታ ደወልኩ፤ ፎጣ አርጥቤም አፋቸው ላይ ጨመቅሁላቸው።

«መጣሽ፣» አሉኝ። ድምፃቸው አይሰማም ማለት ይቻላል። «ትናንት አንኳኩቼልሽ ነበር። ሰማሽኝ?»

«አልሰማሁም፣» አልኳቸው። እማዬ፣ ዓይን ዓይናቸውን እያየሁ ነው ያልኩት።

ሐኪሞቹ መጥተው ወሰዷቸው። እኔን ፊሎሜና ወደ ቢሮ ጠራችኝ፤ አንድ መኮንንም ነበር። «ማክሰኞም ረቡዕም ታይተዋል ብለሻል፣» አለችኝ። «ሐኪሙ ደግሞ ከማክሰኞ ማታ ጀምሮ ወድቀዋል ይላል። ታዲያ ማንን ነው ያየሽው?» ስልኩ ጮኸ። መኮንኑ አነሳው፣ ሰማ፣ አስቀመጠውና የተባለውን ነገረን። ሽማግሌው ለሐኪሙ፣ «ልጅቷ በየቀኑ መጥታለች፤ ደህና ነኝ ሂጂ ብዬ በሩን ሳልከፍት የመለስኳት እኔ ነኝ፤ እንዳትነኳት» ብለዋል። መኮንኑም «እንግዲያው ጥፋቱ የሳቸው ነው» ብሎ ወጣ። ፊሎሜና ግን አልወጣችም። ቆይታ አየችኝና፣ «ሂጂ፣ ፊትሽን ታጠቢ» አለችኝ።

አሁን ያለሁት እዚህ ላይ ነው። ሰሌንሽን ሰጥቼ ነጻ ወጣሁ ስል እኚህ ሰው ወድቀው ሳሉ ሌላ ስጦታ ሰጡኝ። ሰምቻቸው እንደነበር የሚያውቁ ይመስለኛል። ይህን በምን እመልሰዋለሁ? ኩላሊታቸው ገና ሥራ አልጀመረም፤ ሐኪሙ ሌሊቱን ካለፉ ነው ተስፋ ያለው ብሏል። ሳልመልስላቸው ቢሞቱስ? ብድር በምድር ሲባል እሰማ ነበር፤ እንዲህ የሚያስፈራ አይመስለኝም ነበር።

ይባስ ብሎ ልጃቸው መልእክት ልካለች። ቅዳሜ ሲድኒ ወደብ ላይ ትጠብቀናለች፤ አባቴን ያዳነችውን ልጅ በእጄ ላመስግናት ብላለች። ማሪቬል ዕልል አለች። «ቅዳሜ አለፈልሽ! ኪስሽን አስፊው!» ፊሎሜናም፣ «ስትሰጥሽ እንዳትግደረደሪ፤ የእንግዳን ጉርሻ አልቀበልም ማለት ነውር ነው» አለችኝ። እኔ በመርከቡ ላይ ካለው ሁሉ የምፈራው ያንን እጅ ነው። ሴትዮዋ እያለቀሰች እጇን ስትዘረጋልኝ ይታየኛል።

አልቀበላትም። አስቤ አስቤ ሌላ መንገድ አጣሁ። እነግራታለሁ፦ አባትሽ ግድግዳ መቱ፣ እኔ በር ላይ ቆሜ ሰማሁ፣ ሰምቼም ሄድኩ። አባትሽ የሸሸጉልኝ ደግ ስለሆኑ ነው እላታለሁ። ያን ካልኩ በኋላ ሥራ እንደማይኖረኝ አውቃለሁ። ምናልባትም ትመታኛለች፤ ትምታኝ። ቅዳሜ አፌ እንዳይከዳኝ ጸልዪልኝ።

በቅርቡ ከጀልባው ስወርድ ካየሽኝ አትደንግጪ። ከባሕር ማዶ የሚመለስ ሰው ለመንደሩ ሁሉ እጁን ሞልቶ እንደሚመጣ አውቃለሁ፤ ልጆቹ ባሕሩ ዳር ተሰልፈው እንደሚጠብቁም አውቃለሁ። እኔን ግን ምን ይዘሽ መጣሽ ብለው እንዳይጠይቁኝ ንገሪልኝ።

ጌታ አንቺንና አባዬን በጤና ያቆይልኝ፤ ምርቃታችሁ አይለየኝ። ለሚስተር ፔምበርተንም ጸልዪላቸው፤ ስማቸው ሌስተር ነው።

የምትወድሽ ልጅሽ፣
ሌይናሴይ