በስሜ የተጠራችው እንሽላሊት

ለምወድህ፣ ዛሬ ግን ለተቀየምኩህ ወንድሜ ለቢሻው ይድረስ፤

ለጤናህ እንደምን ከረምክ? ሩሐማስ እንዴት ናት? ሕፃኑ ልጃችሁስ ጥርስ አወጣ? የእናታችን ጉልበትስ ተሻለው? እኔ ከናፍቆታችሁ በቀር አምላክ ይመስገን ደህና ነኝ። ደህና ነኝ የምልህ ግን አካሌን ነው። ሆዴ አዝኗል፤ ያሳዘንከኝም አንተው ነህ። ሰላምታ ያስቀደምኩት እናታችን እንዲያ አድርጋ ስላሳደገችን እንጂ፣ ብዕር ያነሳሁትስ ልወቅስህ ነው።

ስለ እንሽላሊቷ የጻፍከው ጽሑፍ ታትሞ ባለፈው ሳምንት ደረሰኝ። ፖስታውን ሳየው ብቻዬን መክፈት ነውር መሰለኝና ይዤው ኦመር ቤት ሄድኩ። ከማሽላ ማሳው ዳር ካለው የድንጋይ ክምር ሥር፣ ያቺን ቅቤ የተቀባች የምትመስል እግረ አጭር እንሽላሊት ያገኘልኝ ገበሬ ነው። ከወሎ የመጣች አስተማሪ በሰው ማሳ ድንጋይ ስትፈነቅል ያዩ ሁሉ «ወርቅ ፍለጋ ነው» ብለው ሊያባርሩኝ ሲነሱ፣ መስጊዱ ደጃፍ ሽማግሌዎች ፊት ቆሞ «መምህር አይዋሽም። እንሽላሊቱ የአገራችን ስም ይይዛል፤ ዓለም ሁሉ አሶሳ ብሎ ይጽፋል» ሲል ዋስ የሆነልኝ እሱ ነው። እንሽላሊቷን ስልክልህ ይህን ሁሉ ጽፌልህ ነበር። አንተም «እሺ፣ አዲስ ዝርያ ከሆነች ስሟ ከአሶሳ ይወጣል» ብለህ በእጅህ መልሰህልኛል፤ ደብዳቤህ ሳጥኔ ውስጥ አለ።

ኦመር ጎረቤቶቹን ጠራ። ያን ቀን ዋስ ሲሆንልኝ የሰሙት ሽማግሌዎችም መጡ። ጽሑፉን ለልጁ ለሂባ ሰጠኋት፤ ስምንተኛ ክፍል የማስተምራት ጎበዝ ልጅ ናት። የእንስሳት የሳይንስ ስም የእኛ ስም ተገላቢጦሽ መሆኑን በክፍል ነግሬያታለሁ፤ የአባት ስም የሚሆነው፣ የወገኑ ስም ማለት ነው፣ ይቀድማል፣ የራስ ስም ይከተላል። ስለዚህ የፊተኛውን ዘለለችና ሁለተኛውን እየቆጠረች አነበበች። ሸ… ዋ… ሉ… ል። ከዚያ ቀና ብላ አየችኝ።

ምድር ተሰንጥቃ ብትውጠኝ በወደድኩ! በስሜ ጫፍ ደግሞ በላቲን ለሴት የሚጨመረውን ፊደል አልረሳህም። ኦመር አማርኛ የለመደው በገበያ ስለሆነ እስከ ዛሬ «አንተ» ነው የሚለኝ፤ ያንተ ላቲን ግን ሴትነቴን አልሳተውም። ምናልባት አሶሳን ሌላ ቦታ ጽፈኸው ይሆናል ብዬ ገጾቹን አገላበጥኩ። አሶሳ የምትል ቃል አንድም የለች። የተገኘችበትን ቦታ እንኳ «ወለጋ» ብለህ አልፈኸዋል። ከወለጋ ተለይተን ክልል ከሆንን፣ የየመሥሪያ ቤቱ ሰሌዳ ሳይቀር ከተለወጠ ስንት ጊዜው ነው፣ ቢሻው!

ኦመር አልተቆጣም። ተነሥቶ እጄን ጨበጠና «መብሩክ፣ መምህር፣ እንኳን ደስ ያለህ» አለኝ። ቢሰድበኝ ይሻለኝ ነበር። ሽማግሌዎቹ እሱን እንጂ እኔን አላዩም፤ አንድ በአንድ ወጡ። አሁን ገበያ ስወርድ ሴቶቹ «መምህር ወርቁን አገኘ» ይባባላሉ። እኔስ ነገ ዝውውር ጠይቄ እሄዳለሁ፤ እሱ ግን አብሯቸው ነው የሚኖረው። ለእንግዳ ብሎ የሸጠን ሰው ይሉታል።

ከጽሑፉ ጋር በላክህልኝ ብጣሽ ወረቀት «አባታችን ከሞተ በኋላ ላስተማርሽኝ ውለታ ይሁንልኝ» ብለሃል። ውለታዬን የምትከፍለው በሰው ንብረት ነው? መቼ ስሜን ስጠኝ አልኩህ? የእንሽላሊቷን ቅርፊት በአጉሊ መነጽር አንድ ሳትስት የቆጠርክ ሰው፣ የገዛ እህትህን አንዲት ልመና ሳትክ። ያመኑት ፈረስ ይጥላል በደንደስ ሲባል እሰማ ነበር፤ ፈረሱ ወንድሜ ይሆናል ብዬ ግን አላሰብኩም።

አርመው እንዳልልህ ሕጉን እኔም አስተምራለሁ። ቀድሞ የታተመ ስም ደስ አላሰኘኝም ተብሎ አይለወጥም፤ እኛ ሞተን አጥንታችን ከረገፈ በኋላም እሷ በስሜ ትጠራለች። ስለዚህ የምለምንህ ሌላ ነው። ክረምቱ ሳይገባ ራስህ ና። መስጊዱ ደጃፍ፣ እነዚያው ሽማግሌዎች ፊት ቁምና «እያወቅሁ ያደረግሁት እኔ ነኝ፤ ኦመር አልዋሸም፣ እህቴም አላወቀችም» በላቸው። ጽሑፍ አትላክ። ከአንተ የመጣ ወረቀት እዚህ የሚያምን የለም።

እማዬን ጉልበቷን ሳምልኝ። እንሽላሊት በስሜ እንደተጠራች ነግረሃት እልል ማለቷን ሰምቻለሁ፤ ደስታዋን አታጥፋባት። ሩሐማን በጣም ናፍቀሻታል በላት። የሕፃኑን ዐይን ሳምልኝ። እትዬ ዘነቡንም እንደምን አሉ በልልኝ።

ከዚህ ግን የማደርስልህ ሰላምታ የለኝም። ድሮ ላንተ ልጽፍ ስል ኦመር «ለወንድምህ ሰላም በል» ሳይለኝ ቀርቶ አያውቅም። ዛሬ ጠዋት በደጁ ሳልፍ ሆን ብዬ ለወንድሜ ልጽፍ ነው አልኩት። «እሺ፣ መምህር» አለኝና ወደ ማሳው ሄደ።

እህትህ ሸዋሉል
አሶሳ፣ ግንቦት 14 ቀን 1988 ዓ.ም.