የስሂን ሰባት ካሴቶች

ጥቅምት 4፣ ማክሰኞ
ዝናብ። የምኖርበት ሲልቨር ስፕሪንግ ቤተ መጻሕፍት ሄጄ ጋዜጣ አነበብኩ። ስመለስ ከልጄ ከዲና መልእክት። ሰባቱም ካሴቶች ፓሪስ ደርሰዋል። ቁጥርና ቀን ጽፌባቸው ነው የላክሁት። ድሮ እኔና ባለቤቴ ስሂን ለዲና ብለን የቀረጽናቸው ናቸው፤ ጉድለት እየታየኝ ሳልልካቸው ቀሩ። ስሂን ካረፈች ዓመት ሊሞላ ነው። ለሙት ዓመቷ ዲናን አንድ ነገር ብቻ ጠየቅኋት… ድምፅዋን፣ ሳይቋረጥ። መልኳማ ፎቶው ላይ አለ። ድምፅዋ ነው እየጠፋብኝ ያለው።

ጥቅምት 9፣ እሑድ
ዲና የሠራቻቸውን ፊልሞች የምመዘግብበትን ዝርዝር አሟላሁ። ፈረንሳይ አገር የፊልም ኤዲተር፣ ቀረጻ ቆራጭና ቀጣይ፣ ከሆነች ሃያ ሁለት ዓመት። በረዳትነት ጀመረች፣ ከዚያ የቴሌቪዥን ድራማ፣ ከዚያ አራት ሙሉ ፊልም። ፈረንሳይኛ ባላውቅም ሁሉንም አይቻለሁ። ስሟ መጨረሻ ላይ ሮጦ ያልፋል። ስሂን "አቁመው፣ አቁመው!" ትል ነበር። አቆመዋለሁ፤ ሁለታችን ስሟን እያየን እንቀመጣለን። አሁን ብቻዬን አቆማለሁ።

ጥቅምት 15፣ ቅዳሜ
ዲና ደወለች። ወሬው አልወጣ አላት።
"አባባ፣ እማዬ በምትናገርበት ሁሉ እርስዎ አሉ።"
ካሜራውን የያዝኩት እኔ ነኝ አልኳት።
"እሱ አይደለም። እያረሟት ነው።"
ማስረጃ ጠየቅሁ። ካሴት ሦስት፣ እዚሁ ከሲልቨር ስፕሪንግ ብዙ የማትርቀው አሌክሳንድሪያ፣ ወንዙ ዳር። ስሂን እዚያ ሆቴል ሥራ የጀመረችበትን ቀን ስትተርክ ሐሙስ ትላለች፤ እኔ ከላይዋ ላይ "ረቡዕ ነው"። ካሴት አምስትም እንዲሁ። የስንቱን ዳይሬክተር ጥፋት ሸፍኛለሁ፣ የተደራረበ ድምፅ ግን መለየት አልቻልኩም አለች።
ረቡዕ ነበር። እርግጠኛ ነኝ።

ጥቅምት 16
ረቡዕስ ቢሆን?

ጥቅምት 22፣ ቅዳሜ
እኔ የሌለሁበት ሃምሳ ሁለት ሰከንድ ዲና አግኝታ ላከችልኝ። ካሴት ስድስት። ትርፍ ባትሪ ላመጣ ወደ መኪናው ስሄድ ካሜራውን ሳላጠፋ አግዳሚው ላይ ትቼዋለሁ። ስሂን መሄዴን ዞር ብላ ታያለች። ከዚያ ጠጋ ብላ፦
"ዲንዬ፣ ሄዷል፤ ቶሎ ልንገርሽ። የጀመርኩት ሐሙስ ነው። ረቡዕ በሩ ድረስ ሄጄ፣ ፈርቼ ተመለስኩ። አባትሽ ግን አውቶቡስ ፌርማታው ላይ ቆሞ ይጠብቀኝ ነበር። አልተቆጣኝም፤ ነገ እንሞክራለን ብቻ አለ። ለእሱ የሚቆጠረው ያ ቀን ነው። ተይው፣ ይቁጠረው።"
ትስቃለች። "መጣ፣ መጣ።"
ቀጥሎ የእኔ ድምፅ… "ምን እያልሽ ነው?"
ፌርማታውን ረስቼው ነበር። እንዴት ረሳሁት?

ኅዳር 7፣ እሑድ
ሙት ዓመቷ። ከቤተ ክርስቲያን ስመለስ ዲና ደወለች። ፓሪስ ሥራ የጀመረች ሰሞን እናቷ ኮት ልካላት እንደነበር ታወራልኛለች። መስከረም ነበር አለች። ጥር ነበር። ፖስታ ቤት የወሰድኩት እኔ ነኝ፤ በረዶ ነበር…
ላርማት ነበር፤ ተውኩት።
"አባባ? ስልኩ ተቋረጠ እንዴ?"
"አልተቋረጠም። እየሰማሁሽ ነው፤ ቀጥዪ።"