በማሸነፌ የፈረሰው ቤቴ

ለተከበሩ የይግባኝ ችሎቱ ሰብሳቢ ዳኛ፣

ክቡርነትዎ እንደምን ሰነበቱ? ጤናዎ እንደ መዝገብ ቤትዎ በር የጠና፣ እንቅልፍዎም እንደ እኔ መዝገብ ማንም የማይነካው እንዲሆን ከልብ እመኛለሁ። ይህንን የምጽፍልዎ በጎረቤቴ በፀጉር አስተካካዩ ሱቅ ውስጥ ተቀምጬ ነው፤ የራሴ ቤት ፈርሷልና።

ሥራ ስለሚበዛብዎ ላስታውስዎ። እኔና ፀጉር አስተካካዩ አንድ ግድግዳ የምንጋራ ሰዎች ነን። የቤቶች ጽሕፈት ቤቱ ማናችንንም ሳይጠይቅ ሁለቱም ቤቶች እንዲፈርሱ በአንድ ደብዳቤ አዘዘ። ሁለታችንም ይግባኝ አልን። የእሱ መዝገብ ቀድሞ ወደ በላይ ፍርድ ቤት ወጣ፤ እርስዎም፣ ነገሩ አንድ ስለሆነ የበላዩ ፍርድ ቤት እስኪወስን የእኔ መዝገብ ይቆይ፣ ቤቱም እስከዚያ አይፍረስ ብለው አገዱልኝ። ያን ዕለት እናቴ የመረቀችዎ ምርቃት ይድረስዎ።

አሁን ወደ ምስጋናዬ ልግባ።

፩ኛ፦ የበላዩ ፍርድ ቤት፣ ባለቤቶቹ ሳይሰሙ የተሰጠ ትእዛዝ ዋጋ የለውም ሲል ወሰነ። የፀጉር አስተካካዩ ሚስት እልል አለች፤ እኔም የሰው ጢም ሲላጭ ውሎ የራሱን የማይላጨውን የባሏን ጉንጭ አገላብጬ ሳምኩ። በማግስቱ ግን አፍራሾቹ ከነዶዘራቸው ደጄ ቆሙ። ለካ እግዱ ውሳኔ እስኪሰጥ ድረስ ብቻ ነበርና፣ ውሳኔው ሲመጣ እግዱ አበቃ! ዶዘሩን የጠራብኝ የራሴ ድል ነው። ይህ ለሰይጣንም አይመጣለትም።

፪ኛ፦ እየሮጥኩ መዝገብ ቤትዎ ደረስኩ። ሹምዎ ጥርሳቸውን በስንጥር እየጎረጎሩ፣ ውሳኔው የጎረቤቴ እንጂ የእኔ እንዳልሆነ፣ የእኔን መዝገብ ይነካ አይነካ እንደሆነም ችሎቱ ወደፊት እንደሚመረምር ነግረው፣ ታገሥ ሲሉ መከሩኝ። ለማስጠበቅ ጊዜ ነገሩ አንድ ነበር፤ ለመጥቀም ጊዜ ሁለት ሆነ። ቋቅ አለኝ፤ በታላቅ አክብሮት ነው የምለው፣ ቋቅ አለኝ። ሞኝና ወረቀት የያዘውን አይለቅም ሲባል ሰምቻለሁ፤ የያዘው ቤቴን መሆኑን ግን አላወቅሁም ነበር፤ ስመለስ ፈርሶ ጠበቀኝ።

፫ኛ፦ የጋራ ግድግዳችን በውሳኔው ተጠብቆ ቆሟል። በእሱ በኩል መስታወት ተሰቅሎበት ሰው ይላጭበታል። በእኔ በኩል፣ እናቴ «ቤቴ ነውና ማንም እንዳያወርደው» ብላ የከለከለችው ሹራቧ በምስማሩ ላይ እንደተንጠለጠለ ዝናብ ይመታዋል። አንዱ ፊቱ ሕጋዊ፣ ሌላው ሕገወጥ የሆነ ግድግዳ ማየት ከፈለጉ ብቅ ይበሉ፤ በር ስለሌለ ማንኳኳት አያስፈልግም።

፬ኛውን ከነገሩ ጦም እደሩ ብዬ ትቼዋለሁ።

መራመድ የተሳናት እናቴ ደንበኞች ተራ በሚጠብቁበት አግዳሚ ላይ ተኝታለች። ደንበኞቹ ቆመው ይጠብቃሉ፤ አንድም ያጉረመረመ የለም። እነሱ ሕግ አልተማሩም። እኔ የምለምንዎ፣ የበላዩ ፍርድ ቤት የሻረውን ያንኑ ትእዛዝ በእኔም መዝገብ ላይ እንዲሽሩልኝና ቤቴን መልሼ እንድሠራ ነው። እስከዚያ አንድ ምስማር ብመታ በሕገወጥ ግንባታ እከሰሳለሁ።

ከወገብዎ ዝቅ ብዬ እጅ የምነሣ፣ በረታሁበት ሜዳ ላይ የቀረሁ፣
የፀጉር አስተካካዩ ግድግዳ ተጋሪ

ማስታወሻ፦ ይህንን ሳነብላት እናቴ አንድ ጥያቄ ጨምርልኝ አለች፤ አሸንፈን እንዲህ ከሆንን፣ ብንሸነፍ ኖሮ ምን ሊያደርጉን ነበር? እኔም ጥያቄውን ወደ ችሎትዎ መርቼዋለሁ።