ድንቁ አባቱን አገኘ

አሰፋዬ፣ ነፍስህን በገነት ያኑርልኝ፤ ከተለየኸን እነሆ መንፈቅ አለፈ። እኔ ደህና ነኝ። ይህን የምልህ እንዳታስብ ብዬ አይደለም፣ እውነቴን ነው። መኪና መንዳት ተምሬአለሁ። “አንቺ መሪ የያዝሽ ቀን እኔ በእግሬ ነው የምሄደው” ትል አልነበር? ባለፈው ሳምንት ከሰፈራችን ከስማይርና መሀል ከተማ ዳውንታውን ድረስ ብቻዬን ነድቼ፣ አንተ ትሠራበት ከነበረው ፓርኪንግ ገብቼ ቀጥ አድርጌ አቆምኩልህ። ባልደረቦችህ አጨበጨቡልኝ።

ሶፋው ካለበት አልተነቃነቀም። ከኋላው ቆመህ የምትናገርበትን ቦታም ማንም አልያዘብህም። አገር ቤት ስንት ዘመን በሬዲዮ ድራማ ሽማግሌም፣ ጅብም፣ አማትም ሆነህ ኖረህ፣ እዚህ የሰው መኪና ስታቆም ብትውል ድምፅህ ሥራ ፈታ ብዬ አዝኜልህ ነበር። ምን አስቸኮለኝ! ከጃፓኖቹ ሱቅ ያንን የካርቱን ቪዲዮ ካሴት ተከራይተህ መጣህና ቅዳሜ ከሰዓት ቤታችን የሰፈሩ የሐበሻ ልጆች መናኸሪያ ሆነ። ከጃፓንኛ አንዲት ቃል ሳታውቅ የቴሌቪዥኑን ድምፅ ዘግተህ ሁሉንም በአማርኛ ተናገርክላቸው። በጀልባ አባቱን ፍለጋ የሚንከራተተውን ልጅ ድንቁ አልከው። ዓሣ ነባሪውን የዕድር ዳኛ አስመሰልከው። በአንዱ ካሴት የገደልካት አሮጊት በሚቀጥለው ከነምርኩዟ ብቅ ስትል፣ ሳትደነግጥ መንትያ እኅቷ ናት አልክ። ልጆቹ እስከ ዛሬ አምነውህ ይኖራሉ። ድንቁ አባቱን ያገኘ ቀን ደግሞ ለአባትየው ያለምንም ማስመሰል የራስህን ድምፅ እንደምትሰጠው ቃል ገብተህላቸው ነበር።

ሕመሙ ጠናብህና የመጨረሻው ካሴት ሳይታይ ቀረ። የመንፈቅህ ዕለት የጎረቤታችን ልጅ ሜሮን ወጥ ቤት ድረስ ተከትላኝ መጥታ “እትዬ ፀሐይ፣ ድንቁ ዳዲውን ፋይንድ ሳያደርግ ሊቀር ነው?” አለችኝ። አንተን መቅበሬ አንሶ ድንቁንም ልቀብረው ነው ብዬ አለቀስኩ።

ዳውንታውን የነዳሁ ዕለት ያንን ሳይታይ የቀረ ካሴት ልመልስ ወደ ጃፓኖቹ ሱቅም ጎራ አልኩ። ትዝ ይልሃል፣ “የድንቁን ድምፅ ጃፓን ውስጥ የምትናገረው ሴት ናት፣ ያውም እንዳንቺ ያለች ወይዘሮ፣ ነይና አግዢኝ” ስትለኝ ስቄብህ ነበር። የተለመደው ፈጠራህ መስሎኝ ነዋ! መሞትህን ስነግራት ባለሱቋ ከመደርደሪያው መጽሔት አውጥታ “የልጁ ድምፅ ይህች ናት” ብላ አሳየችኝ። ጸጉሯ የሸበተ፣ መነጽር ያደረገች ሴት ማይክሮፎን ፊት ቆማለች። በሙሽርነቷ መናገር ለጀመረችለት ልጅ አያት ሆናም ትናገርለታለች፤ እሷ ስታረጅ እሱ አንድ ቀን አላደገም። ከነገርከን ሁሉ ያልፈጠርከው ይህንኑ ብቻ ሆኖ ተገኘ። እሷን ካልደከማት እኔን ምን ያደክመኛል አልኩና ካሴቱን ይዤው ተመለስኩ።

ቅዳሜ ልጆቹን ጠርቼ ከሶፋው ኋላ ቆምኩ። ድምፄ አላሳፈረኝም። መጀመሪያ ተሳሳቁብኝ። የድንቁ ጀልባ ሲገለበጥ የጮኽኩትን ሲሰሙ ግን ሳቁን ትተው ወደ ቴሌቪዥኑ ተጠጉ፤ እኔም ደስ አለኝ፣ አልዋሽህም። በመጨረሻ ድንቁ ከባሕሩ ዳር አንድ ሰው ቆሞ አየ። “አባዬ፣ መጣሁ” አልኩ። አባትየው አፉን ከፍቶ ብዙ ተናገረ። እኔ ዝም አልኩ። ከልጆቹ አንዱም ምን አለ ብሎ አልጠየቀኝም። ሜሮን ብቻ ወደ ኋላ እጇን ዘርግታ እጄን ያዘችው።

ናፍቀኸኛል፣ አሰፋዬ። አዳዲስ ልጆች ስለመጡ ከመጀመሪያው ካሴት እንደገና እንጀምራለን። ዓሣ ነባሪውን ከዕድር ዳኝነቱ አልሽረውም፤ አሮጊቷም መንትያ እኅቷን አታጣም። የአባትየውን ድምፅ ግን እኔ በሕይወት እስካለሁ ለማንም አልሰጥም። ያ የአንተ ነው።

ፀሐይህ