የ«ዘጠነኛ ቢሮ» ስድስተኛው ሲዲ

ሰኞ፣ ኅዳር 8

ተሰበረ አልኳቸው። ጸሐፊዋ ለምሳ እስክትወጣ ጠብቄ በትምህርት ቤቱ ስልክ ደወልኩ። «ጋሽ ሰይድ፣ ያዋሱኝ ሲዲ ተሰበረብኝ። ጉንደ ወይንን እንዳለፍን አውቶቡሱ ጉድጓድ ገባና ቦርሳዬ ላይ ሰው ወደቀበት።» ሰው ሁሉ ጨመርኩበት። ማን ጠየቀኝ?

«አንቺን አልጎዳሽም?» አሉኝ።

«አልጎዳኝም።»

«ስባሪው አለ?»

አለ አልኳቸው። ሌላ ምን ልበል።

አሁን ስድስቱም መደርደሪያዬ ላይ ናቸው። «ዘጠነኛ ቢሮ» የሚባለው አስቂኝ ድራማ በቴሌቪዥን ይታይ በነበረ ጊዜ፣ ቢቸና ውስጥ ከእኔና ከሒሳብ አስተማሪው ከአዳነ ሌላ የሳቀለት ሰው አላውቅም። አንድ ቢሮ፣ አምስት ሠራተኛ፣ አንድ ማኅተም፤ ማኅተሙ ሁልጊዜ ይጠፋል። መዝገብ ቤት ስለምሠራ ይሆናል እንዲህ የያዘኝ። አምስቱን ሲዲ ለመሰብሰብ ሦስት ዓመት ፈጀብኝ። ስድስተኛውን ደብረ ማርቆስ አስፈለግኩ፣ አዲስ አበባ ለሚሄድ ሁሉ አደራ አልኩ፤ ጠፋ። ተጨማሪው ያለው ደግሞ እሱ ላይ ብቻ ነው፦ ተዋንያኑ ሲሳሳቱ፣ ሲቀረጹ፣ ተቆርጠው የወጡት ክፍሎች።

በመጨረሻ ሞጣ፣ ጋሽ ሰይድ ሱቅ አገኘሁት። ጨርቅ እየሸጡ ጎን ለጎን ፊልም ያከራያሉ። አክስቴን ልጠይቅ በሄድኩ ቁጥር ለመንኳቸው። በሦስተኛው፣ «ይህን ለሰው አልሰጥም፤ ላንቺ ግን እሺ» ብለው ከመሳቢያ አወጡት። የነጋዴ ወግ መስሎኝ ነበር።

ማክሰኞ፣ ኅዳር 9

መብራት የለም። ክፍሎቹን አይቼ ጨርሻለሁ፤ ተጨማሪውን ግን ለመጨረሻ ብዬ አቆይቼዋለሁ።

ለአዳነ ነገርኩት። «ሰረቅኩ በያ» አለኝ እየሳቀ። ከዚያ ወዲያው፣ «መቼ ነው የምናየው?» አለኝ። እኔ መሳቅ አቃተኝ።

ስባሪው ሲያሳስበኝ ዋለ። ከትምህርት ቤቱ የተጣለ የእንግሊዝኛ ማስተማሪያ ሲዲ ነበረኝ። ደጃፉ ድንጋይ ላይ አድርጌ በተረከዜ ሰበርኩት። አመልካች ጣቴን ቆረጠኝ። ቁርጥራጩን በጋዜጣ ጠቀለልኩት። አሁን ስባሪም አለኝ። የሠላሳ አራት ዓመት ሴት ነኝ።

ረቡዕ፣ ኅዳር 10

ከሰዓት በኋላ መብራት መጣ። አስፈቅጄ ወጣሁ፤ ራሴን አመመኝ ብዬ። ይኸው ሌላ ውሸት።

ተጨማሪው ሃያ ደቂቃ ያህል ነው። አለቃው ወንበሩ ተሰብሮበት ሲወድቅ። ተላላኪዋ የምትለው ጠፍቷት ስትሳደብ። ከዚያ ሠራተኞቹ ለቢሮው መጋረጃ ሊገዙ የሚወጡበት ክፍል መጣ። እሱን ሞጣ መጥተው እንደቀረጹት አውቃለሁ፤ የማን ሱቅ እንደሆነ ግን አላስተዋልኩም ነበር። አረንጓዴው በር። የጋሽ ሰይድ ነው።

ቀጭኑ ተዋናይ ጨርቅ በክንዱ ይለካል። አንዲት ሻርፕ ያሰረች ሴት ከጎን ገብታ ጨርቁን ቀማችው። «እንዲህ ከለካህማ መስኮቱ ራቁቱን ይቀራል» አለችው። ተዋናዩ በሳቅ ጠረጴዛው ላይ ተደፋ። ከካሜራው ኋላ የአንድ ሰው ድምፅ፣ «ዘሃራ፣ ተያቸው እንጂ፣ ሥራ ላይ ናቸው» ይላል። የጋሽ ሰይድ ድምፅ ነው፤ እየሳቁ። እኔ ሲስቁ ሰምቻቸው አላውቅም። እሷም ወደ ካሜራው ዞራ፣ «አንተ ዝም በል፣ አስተምሬው ልግባ» አለች። አለቀ።

ሚስታቸው ዘሃራ አምና ሞታለች። አክስቴ ለቅሶ ደርሳለች። እኔ ሦስት ጊዜ እዚያ ሱቅ ስገባ ሲዲ ለመንኩ እንጂ አንድ ቀን አይዞዎት አላልኳቸውም።

ስባሪው አለ ወይ ያሉኝ ለዚህ ነው።

ሐሙስ፣ ኅዳር 11

ሥራ አልሠራሁም። የሁለት ተማሪዎች ካርድ አቀያየርኩ።

ያሰብኳቸው፦ በሹፌር ልላከው። በአክስቴ ልላከው። ሌላ ቅጂ አገኘሁልዎት ልበል። የመጨረሻው በጣም ጥሩ መስሎ ታይቶኝ ነበር፤ እንዲያውም ምስጋና ያስገኛል። እንዲህ ማሰቤ አስጠላኝ።

ኮፒ ላደርገው ኮምፒውተር ክፍል ድረስ ሄጄ ተመለስኩ። ከደግነት አይደለም፤ በሩ ተቆልፎ ነበር።

ቅዳሜ፣ ኅዳር 13፣ ሞጣ

ከአክስቴ ቤት ነው የምጽፈው።

ስገባ ሱቁ ውስጥ ሰው አልነበረም። አቡጀዲ እያጠፉ ነበር። ሲዲውን ባንኮኒው ላይ አስቀመጥኩት።

«ጋሽ ሰይድ፣ አልተሰበረም። ዋሽቼዎት ነው።»

ሲዲውን አላነሱትም። «ለምን?» አሉኝ።

«እሱ ብቻ ነበር የጎደለኝ።» ከአፌ ሲወጣ እንዴት ትንሽ ነገር እንደሆነ ሰማሁት።

አቡጀዲውን አጥፈው ጨረሱ። «መጨረሻውን አየሽው?»

«አየሁት።»

«እኔ ከሞተች ወዲህ አላየሁትም። አልቻልኩም። መኖሩን ግን አውቅ ነበር። ፎቶዋ አለ፤ ድምጿ ያለው እዚህ ላይ ብቻ ነው።» ቀጥለውም፣ «ሰኞ ስትደውዪ እንደገና የቀበርኳት መሰለኝ» አሉ።

ይቅርታ አልኳቸው። ሁለቴ ሦስቴ አልኩ መሰለኝ። ቢሰድቡኝ እወድ ነበር። «በይ ሂጂ፣ አክስትሽ ትጠብቅሻለች» ብቻ አሉኝ። ስወጣ ሲዲው እዚያው ባንኮኒው ላይ ነበር። ስለዚያ በጋዜጣ ስለጠቀለልኩት ስባሪ አልነገርኳቸውም። አልቻልኩም።

እሑድ፣ ኅዳር 14

ቢቸና ገባሁ። መንገዱ አቧራ ብቻ ነው። መደርደሪያው ላይ አምስተኛውን ወደ ዳር አስጠግቼ ክፍተቱን ሸፈንኩት። ከዚያ አፍሬ መለስኩት።

አዳነ መጥቶ፣ «መለስሽው? እኔን ሳታሳዪኝ?» አለ። ተቆጣሁት። እሱ ምን አደረገ።

ማክሰኞ፣ ኅዳር 16

ጸሐፊዋ፣ «ትርንጎ፣ ከሞጣ ስልክ ነው» አለችኝ።

ጋሽ ሰይድ ናቸው። «ልጆቼ ከባሕር ዳር መጥተዋል። አብረን አየነው» አሉኝ። «እናታቸው ያለችበትን አራት ጊዜ ወደ ኋላ እየመለሱ አዩት።»

ስልኩን ወደ ጆሮዬ አስጠጋሁት።

«ከዚያ ከመጀመሪያው ጀምረን እንየው አሉ። የእኔ ሁለተኛው ተጭሯል፣ ይቆማል። ያንቺ ይሠራል?»

«ይሠራል።»

«እንግዲያው ቅዳሜ ይዘሽው ነይ። እስከዚያ አይሄዱም።»

ይቅር ብያለሁ አላሉም። ድምፃቸው የንዴትም የፍቅርም አልነበረም፤ ጨርቅ የሚያዙ ይመስላሉ። ሲዲው ስለሚያስፈልጋቸው ብቻ ይሆናል የደወሉት፤ አላውቅም።

ሁለተኛውን አውጥቼ በለስላሳ ጨርቅ ጠረግኩት፣ ቦርሳዬ ውስጥ በሁለት ደብተር መሃል አደረግኩት። መቼ እንደሚመልሱልኝ አልጠየቅኳቸውም።