ለጨረቃ የተዘራ ማሽላ

ማክሰኞ፣ 9ኛ ቀን

አለቀላቸው። ዛሬ ጠዋት ቡቃያዎቹ በሙሉ ተኝተው አገኘኋቸው። ትናንት አስራ ሰባት ነበሩ። ብነካቸው እንደ ገለባ ተሰበሩ። ቁጭ ብዬ አለቀስኩ። ከዚያ ለእንባዬም ሳሳሁ፤ እዚህ ቤት ውስጥ እሱም ውሃ ነው።

ኡመድ፣ "ግድ የለም፣ ማሽኑ መልሶ ይሰጥሻል" አለኝ። ሊያስቀኝ ነው። አልሳቅኩለትም። ማሽኑ ከትንፋሻችንና ከላባችን ውሃ አጠራቅሞ መልሶ የሚያጠጣን ነው። ዘጠኝ ቀን ሙሉ የኡመድን ላብ ጠጥቻለሁ፣ እሱም የእኔን። ከዚህ በላይ ዝምድና አላውቅም።

ነገሩን ከስሩ ልጻፈው፣ በኋላ ራሴን እንዳልዋሽ። እኔና ኡመድ ባሮ ወንዝ አጠገብ ኮንቴይነር ውስጥ ታሽገናል። ወለሉ ላይ ሁለት መደብ አለ፤ የተሞላው አፈር አይደለም፣ የተፈጨ ጥቁር ድንጋይ ነው። የጨረቃ አፈር እንዲህ ነው አሉን። ሰው እዚያ ሊሰፍር ነውና ከእንዲህ ዓይነቱ ድንጋይ እህል ይበቅል እንደሆነ በእኛ ይሞከራል። አስራ አምስት ቀን። ሰኞ ጠዋት ሦስት ሰዓት ላይ በሩ ሲከፈት አስር ቡቃያ ቆሞ ከተገኘ ወደ ትልቁ፣ ወደ ስድስት ወሩ ሙከራ እናልፋለን። ካልተገኘ ኮንቴይነሩ ተጭኖ ወደ አዲስ አበባ፣ እኔ ወደምሠራበት ኮሌጅ ላብራቶሪ። አስራ አንድ ዓመት የሌላ ሰው ጠርሙስ አጥቤያለሁ። ይበቃኛል!

የቀረን፦ አንድ እፍኝ የአባዬ ማሽላ። ለክፉ ቀን የተቀመጠች አንዲት ቢጫ ጀሪካን ውሃ። ብስኩት፣ እስኪያቅለሸልሽ። ስድስት ቀን።

ረቡዕ፣ 10ኛ ቀን

ሙቀቱ ጣራውን እያንጣጣው ነው። ባሮ ከእኛ ሁለት መቶ እርምጃ አይሞላም። ልጆች ሲንቦጫረቁ፣ ሴቶች ልብስ ሲወቅጡ ይሰማኛል። የአባይን ልጅ ውሃ ጠማው የሚሉት የባሮዎቹን ስላላዩ ነው።

በሩ ቁልፍ የለውም፤ ይህ ነው የሚያበግነኝ። ከውስጥ ቀይ እጀታ አለው። አንዴ ሳብ ማድረግ ነው፣ ወንዙ ውስጥ ነኝ። ሙከራውም ያን ጊዜ አበቃ። ያሰረኝ ሰው ቢኖር እሱን እረግም ነበር።

ከኡመድ ጋር ተጣላን። መደቡን ልኮተኩት ስነሳ መኮትኮቻዬን ያዘብኝ።

"የገደልሻቸው አንቺ ነሽ" አለኝ። "በየጠዋቱ ትኮተኩቻለሽ። በየጠዋቱ ትንሽ ውሃ ትረጫለሽ። ሙቀቱ ይጠጣዋል።"

"እኔ የገበሬ ልጅ ነኝ!"

"እኔስ የምን ልጅ ነኝ?"

መልሴን ሳይጠብቅ ቀጠለ። "እናቴ ባሮ ሲጎድል ዳርቻው ላይ በቆሎ ትዘራለች። ውሃ አታጠጣም፤ ወንዙ አጠጥቶ ሄዷል። በእንጨት ትወጋለች፣ እርጥቡ ጋ እስክትደርስ። ፍሬ ትጥላለች፣ ትደፍናለች፣ ትሄዳለች። አትነካካም። አንቺ ግን ትነካኪያለሽ።"

አባዬ ደጋ ተወልዶ ደጋ ያረሰ ነው፤ አፈር ካልገለበጥክ አይወድህም ብሎ አሳድጎኛል። ግማሽ ቀን አኮረፍኩ። ከሰዓት በኋላ ጀሪካኗን አንስቼ አንደኛው መደብ ላይ ሙሉዋን ደፋኋት። ኡመድ ራሱ ደነገጠ። እስኪሰርግ ጠበቅን፣ በማንኪያ እጀታ እየወጋን ዘሩን ጣልን፣ ደፈንን። አሁን ማሽኑ ቢበላሽ የምንጠጣው የለንም።

ይህን ጉድ የሚያውቅ ሰው አብሮኝ ባይታሸግስ ኖሮ? ጨረቃ ላይ የኡመድ እናት የለችም።

ሐሙስ፣ 11ኛ ቀን

ምንም። ጥቁር ድንጋይ።

ከግድግዳ እስከ ግድግዳ ስምንት እርምጃ ነው። ዛሬ መቶ ጊዜ ተመላለስኩ። ኡመድ ጠዋት መዝሙሩን ዘመረ፣ ቀትር ላይ ደገመው። "ጌታ ሰምቶሃል፣ በቃ!" አልኩት። አፈርኩ። እሱ ሳቀ፣ ከዚያ በአፍንጫው አንጎራጎረ። ያኛው ባሰ።

ሁለት ጊዜ እጀታውን ይዤ ቆምኩ። ሊያንቀኝ ነው ይህ ቤት።

ዓርብ፣ 12ኛ ቀን

አባዬ መጣ! ከአቦቦ፣ ከሰፈራ መንደራችን፣ በዚህ ፀሐይ። ውጭ ያለው ዘበኛ የመገናኛ ሬዲዮውን ሰጠው። መስኮቷ የሰሃን ያህል ናት፤ በእሷ ነጭ ጢሙን ብቻ አየሁ።

"ላም አለኝ በሰማይ፣ ወተቷንም አላይ" አለኝ ገና ሲጀምር። "እኛንስ በሰባ ሰባቱ ድርቅ ከወሎ ጭነው አመጡን። አንቺ በገዛ እግርሽ ገባሽ? ኦቨር።" ዘበኛው ንግግር ሲያልቅ ኦቨር በል ብሎ አስተምሮታል።

በሩ እኮ ክፍት ነው አልኩት። "የእኛም ክፍት ነበር። የሚመለስ ይመለስ አሉን። መንገዱን ማን ያውቀዋል? ኦቨር።"

ማሽላህ ደረቀብኝ፣ እናንተ የመጀመሪያውን ዓመት እንዴት ሆናችሁ ብዬ ጠየቅኩት። ለወሬ ያህል ነበር። እሱ ግን ጢሙን ወደ መስኮቷ አስጠጋ።

"ደረቀብን። ጎብኚ ይመጣል ሲባል አፈርን። ከወንዝ ዳር አገዳ ቆርጠን ማሳው ላይ ሰካን። ከሩቅ አረንጓዴ ነው። እንግዶቹ አጨበጨቡ፣ 'እነዚህስ ራሳቸውን ችለዋል' ብለው ሄዱ። ከዚያ የሚመጣልን እህል ቀረ። ማንም አልበደለንም፣ እኛው ነን። ታላቅሽን የቀበርነው ያን ክረምት ነው። ኦቨር።"

ታላቅ እንደነበረኝ አላውቅም ነበር። ነገሩ አርባ ዓመት ሊሞላው ምን ቀረው፣ ዛሬ በሬዲዮ ነገረኝ። ኦቨር ማለት አቃተኝ። መስኮቷ ላይ መዳፉን አደረገ፣ እኔም በውስጥ በኩል። መስታወቱ ይፋጃል።

ቅዳሜ፣ 13ኛ ቀን

እሰይ! አራት! ኡመድ ነው ያየው፤ ቀሰቀሰኝ። ሁለታችንም በደረታችን ተኝተን አየናቸው። አልነካሁም። እጄን ብብቴ ውስጥ ከትቼ ነው የዋልኩት።

እሁድ፣ 14ኛ ቀን

ዘጠኝ። አስረኛው ቦታ ላይ ድንጋዩ ተሰንጥቋል። ከሥሩ አንድ ነገር እየገፋ ነው።

ቀትር ላይ ኡመድ አሸለበ። ትንሽ ብቻ ላግዘው ብዬ በጣቴ ገለጥ አደረግኩ። ቀጭ አለ።

ችኩል ጅብ ቀንድ ይነክሳል። አስራ አንድ ዓመት የጠበቅኩ ሴትዮ አንድ ቀን መጠበቅ አቃተኝ! ቡቃያው መዳፌ ላይ ነው፣ አረንጓዴ፣ ሥሩ የለም። ለኡመድ ስነግረው አልተቆጣኝም። ቢቆጣኝ ይሻል ነበር። እርጥብ ጨርቅ ውስጥ አስቀመጥኩት። ለምን እንደሆነ ለራሴም አልነገርኩትም።

ሰኞ፣ 15ኛ ቀን፣ ሁለት ሰዓት ተኩል

ሌላ አልበቀለም። ዘጠኝ።

ጨርቁን ፈታሁት። አልጠወለገም። ቀዳዳው ላይ ሰካሁት፣ ቆመ። ከሌሎቹ አይለይም። ሙከራውን የሚመራው ዶክተር በራፉ ላይ ቆሞ ይቆጥራል፣ አስር ይላል፣ ይጨብጠናል። የሚጠወልገው ከሰዓት በኋላ ነው።

ኡመድ ቆሞ አየኝ። ለእሱም እኮ ነው፤ እሱም አብሮኝ ነው የሚያልፈው ወይ የሚቀረው። "የሙከራውን መዝገብ የያዝሽው አንቺ ነሽ" አለና ፊቱን አዞረ።

ከሩቅ አረንጓዴ ነው።

አስር ብዬ ብጽፍ አንድ ቀን አንዲት ሴት ጨረቃ ላይ ልጅ ታቅፋ የእኔን ቁጥር አምና ትዘራለች። የወንዝ ዳር የላት፣ የሚመለስ መኪና የላት።

ነቀልኩት። መዝገቡ ላይ ጻፍኩ፦ "የቆሙት ዘጠኝ። አንዱን እኔ ሰብሬዋለሁ። የመጀመሪያዎቹን አስራ ሰባትም በመነካካት የገደልኳቸው እኔ ነኝ። ያዳነን የኡመድ እናት አዘራር ነው፤ ከታች ተጽፏል።" ኡመድ አንብቦ፣ "እናቴ ስም አላት" አለኝ። ስሟን አስገባሁ።

ሬዲዮው ጮኸ። ዶክተሩ ነው።

"የሺ፣ ስንት ናቸው?"

"ዘጠኝ።"

እስክሪብቶው ሲጭር ተሰማኝ። "ዘጠኝ..." አለ። "እስቲ መጀመሪያ ውጡ።" ሌላ አልጨመረም። ምን ማለቱ እንደሆነ አላውቅም።

አባዬ ውጭ ሲያስል ይሰማኛል፤ አልሄደም ማለት ነው። ኡመድ ቀዩን እጀታ በአገጩ አሳየኝ። አንቺ ክፈቺው ማለቱ ነው። ደብተሩን አስቀምጬ ልክፈተው።